የንጉሡ ወንበርና የኦርዮን ደብዳቤ

ከዳላስ፣ ቴክሳስ

ከጥቂት ዓመታት በፊት ጋርላንድ ውስጥ በተከራየ አዳራሽ፣ እዚሁ የሚኖሩ ወጣቶች ያዘጋጁትን አጭር ኮሜዲ ለማየት ተሰብስበን ነበር። ጨዋታው ከወንበሬ አልነሣም ስላለ የአንድ ዕድር ሊቀ መንበር ነው። ጥሪው ለምሽቱ አንድ ሰዓት ሲሆን እንደ ወጋችን ሁለት ሰዓት ላይ ተጀመረ። የመጀመሪያው ትዕይንት አልቆ ሳቁ ገና ሳይበርድ የክብር እንግዳው ደረሱ። ከፊት ረድፍ ነጭ ጨርቅ የለበሰው ወንበር እስከዚያ ድረስ ባዶውን ነበር። አስተናባሪው ወደ መድረክ ወጥቶ ይቅርታ ከጠየቀ በኋላ «ከመጀመሪያው እንጀምርላቸዋለን» አለ። ተጀመረም።

ሁለተኛውን ጊዜ ስናየው አዳራሹ ሌላ አዳራሽ ሆነ። ቀልዱ ያው ነው፤ ተዋንያኑም እነዚያው ናቸው። መድረኩን የሚያይ ሰው ግን አልነበረም። ሁላችንም የምናየው የእንግዳውን ማጅራትና ግማሽ ጉንጫቸውን ነበር። ይስቁ ይሆን? ይከፋቸው ይሆን? እሳቸው ሲስቁ ሳቅን፤ ዝም ሲሉ ዝም አልን። እንግዳው ጨዋ ሰው ናቸው፤ ምንም አላጠፉም፤ እንዲያውም አፍረው ነበር ብዬ እገምታለሁ። ያጠፋነው እኛ ነን። ወንበሩን ያስቀመጥነው እኛ፣ ትዕይንቱንም ወደ ኋላ የመለስነው እኛ!

ይህ ነገር ከአራት መቶ ዓመት በፊት እንግሊዝ አገር ከደረሰ ታሪክ ጋር በጣም ስለሚመሳሰልብኝ፣ አንባቢ ከታገሠኝ በዚያ በኩል ዞሬ ወደ አገራችን ቴአትር ልመለስ እወዳለሁ።

እንግሊዞች በቤተ መንግሥታቸው «ማስክ» የሚሉት ጨዋታ ነበራቸው። ቃሉ ጭንብል ማለት ቢሆንም ነገሩ ከጭንብል በላይ ነው። ግጥም፣ ሙዚቃ፣ ጭፈራ፣ ውድ ልብስና የመድረክ መሣሪያ ተቀላቅለው በንጉሡ አዳራሽ ለአንድ ሌሊት ይታያሉ፤ ከዚያ ያ ሁሉ ድካም ይፈርሳል። መኳንንቱና ወይዛዝርቱ ራሳቸው ይጨፍሩበታል፤ ነገር ግን አይናገሩም። በመድረክ ላይ ቃል መናገር የቅጥር ተዋናይ ሥራ ስለ ነበር ክብራቸውን ይነካል። ከእነዚህ ጨዋታዎች ሁሉ እኛን ይበልጥ የሚመለከተው እ.ኤ.አ. ጥር 6 ቀን 1605 ለንደን ውስጥ በዋይትሆል ቤተ መንግሥት የታየው «የጥቁረት ማስክ» ነው። እንግሊዝ ያን ጊዜ በአሮጌው የዩልዮስ አቆጣጠር ትጠቀም ስለ ነበር ዕለቱ በእኛ ጥር 11 ቀን 1597 ዓ.ም. ላይ ይውላል። ጥምቀት ማለት ነው።

ግጥሙን የጻፈው ቤን ጆንሰን፣ መድረኩን የሠራው ኢኒጎ ጆንስ ነው። ያዘዘችው የንጉሥ ጄምስ ሚስት ንግሥት አን ናት። ንግሥቲቱ ነፍሰ ጡር ሆና ሳለ፣ እሷና 11 ወይዛዝርት ፊታቸውንና ክንዳቸውን ጥቁር ተቀብተው፣ የኒጀር ወንዝ ሴት ልጆች ነን ብለው በትልቅ ዛጎል ውስጥ ተቀምጠው በሰው ሠራሽ ባሕር ላይ ብቅ አሉ። የወጪው ግምት ወደ 3,000 ፓውንድ ይደርሳል። ታሪኩም እንዲህ ነው። ልጆቹ በመልካቸው ኮርተው ሲኖሩ፣ የባዕድ ባለቅኔዎች የነጮችን ውበት ብቻ ሲያወድሱ ሰምተው ማልቀስ ጀመሩ። መፍትሔውን የምታሳያቸው በጨረቃ አምሳል የምትገለጥ አምላክ ናት። ስሟ ማን ይመስላችኋል? ኢትዮጵያ! ስሟ «ታንያ» ብሎ የሚያልቅ አገር ፈልጉ ተብለው የወጡት ልጆች፣ የፈለጉት አገር ብሪታንያ መሆኑን የምታበሥራቸው እሷ ናት። በዚያ አገር የሚያበራው ፀሐይ ጥቁሩን ሊያነጻ ይችላል ትላቸዋለች። ፀሐዩም ሌላ ማንም ሳይሆን ፊት ለፊት ተቀምጦ የሚያያቸው ንጉሥ ጄምስ ነው።

ነቢዩ ኤርምያስ ስለ ኢትዮጵያዊ መልክ ያነሣውን ጥያቄ ሁላችንም እናውቀዋለን። የጆንሰን ውዳሴ በዚያ ጥያቄ ላይ የቆመ ነው፤ ነቢዩ የማይቻል ያለውን የእኛ ንጉሥ ይችለዋል ነው ነገሩ። ይህ ሁሉ በጥምቀት ዕለት፣ ልጆቹ በባሕር ውኃ እየታጠቡ ዓመት እንዲቆዩ ታዘው ያልቃል። ሲነጡ የታዩት በ1608 በተሠራው ተከታይ ማስክ ነው። እግረ መንገዴን ለማስታወስ ያህል፣ በዚያ ሰሞን የእኛዋ ኢትዮጵያ ዐፄ ዘድንግል በጦር ሜዳ ከወደቁ ገና ጥቂት ወራቷ ነበር፤ ያዕቆብና ሱስንዮስ ዙፋኗን ይሻሙባት ነበር። ዋይትሆል ያለችው ኢትዮጵያ ግን ሰማይ ላይ ተቀምጣ እንግሊዝን ታሞግሳለች።

ስለ ዘር ጉዳይ ብዙ የተጻፈ ስለ ሆነ እዚያ ላይ አልቆይም። እኔ መሐንዲስ ነኝና ስለ ወንበሩ አቀማመጥ ላውራ። ኢኒጎ ጆንስ ከጣሊያን ያየውን የፐርስፔክቲቭ ሥዕል ለእንግሊዝ መድረክ ያስተዋወቀ ሰው ነው። የፐርስፔክቲቭ ባሕርይ ቀላል ነው፤ መስመሮቹ ሁሉ በሩቅ አንድ ነጥብ ላይ ይገናኛሉ፤ ስለዚህም ሥዕሉ ልክ ሆኖ የሚታይበት ቦታ በአዳራሹ ውስጥ አንድ ብቻ ነው። በዚያ ቦታ የንጉሡ ወንበር ይቀመጣል። ከዚያ ሲያዩት ማዕበሉ ማዕበል ነው። ጥቂት እርምጃ ወደ ጎን ለተቀመጠ መስፍን ባሕሩ ጋደል ይልበታል፤ ጥግ ላይ ላለው ደግሞ ጨርቅና ሳንቃ ይሆናል። ሰው ሁሉ ከንጉሡ ምን ያህል እንደ ራቀ ለማወቅ ባሕሩ ምን ያህል እንደ ተጣመመበት መመልከት በቂው ነበር። ሹመትን በዲግሪ የሚለካ መሣሪያ ማለት ነው!

ከዚህ የሚበልጠው ታሪክ ግን በዚያው ዓመት በነሐሴ ወር ኦክስፎርድ ላይ የሆነው ነው። ዩኒቨርሲቲው ለንጉሡ ቴአትር ሲያዘጋጅ ባለሙያዎቹ ወንበሩን ለዕይታ በተመቸው ነጥብ ላይ አኖሩት። የቤተ መንግሥቱ ሹማምንት መጥተው ሲያዩ ተቆጡ። ለምን ቢባል፣ ንጉሡ እዚያ ከተቀመጠ ሕዝቡ የሚያየው ጉንጩን ብቻ ነው። ወንበሩ ተነሥቶ ወደ ኋላ ሄደ። ጄምስ ለሁሉም ታየ፤ እሱ ግን ከመድረኩ የሚነገረውን በደንብ የማይሰማበት ቦታ ላይ ተቀመጠ። እንግዲህ ሹማምንቱ የተረዱት ነገር ባለሙያዎቹ ያልተረዱትን ነው፤ ጨዋታው መድረኩ ላይ ያለው ሳይሆን ወንበሩ ላይ ያለው ነበር። ጆንሰንና ጆንስም በኋላ በ1631 በአንድ ማስክ የርዕስ ገጽ ላይ የማን ስም ይቅደም በሚል ጉዳይ ተጣልተው ተለያዩ። በሙያዬ ከጆንስ ጋር ነኝ፤ ነገር ግን የሁለቱም ጠብ ስለ ሁለተኛውና ስለ ሦስተኛው ቦታ ነበር። የመጀመሪያው ተይዟል።

ወደ አገራችን ስንመለስ ነገሩ በተቃራኒው ይጀምራል። የእኛ የግብር አዳራሽ መጋረጃ ነበረው፤ መጋረጃው ግን ንጉሡ እንዳይታዩ የሚጋረድ ነው። ምኒልክና ጣይቱ ሲበሉ በመጋረጃ ይከለላሉ፤ ከዚያ መጋረጃው ይገለጥና ሠራዊቱ በየተራው ይገባል፤ አዝማሪው ያዜማል፤ ፉከራው ይቀጥላል። የእኛ ንጉሥ ከመታየት ይልቅ በመሰወር ይከበር ነበር። የአዝማሪው ጥበብም ከዚህ የመጣ ይመስለኛል፤ የማይታይን ፊት በሰምና ወርቅ ይነካል፤ ተነካሁ የሚል ቢነሣ ሰሙን ያሳያል።

ከዚህ አዳራሽ ውጭ የመጀመሪያውን ቴአትር የጻፉት ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ናቸው። በ1913 ዓ.ም. እንደ ታየ የሚነገርለት «ፋቡላ፤ የአውሬዎች ኮሜዲያ» የተሠራው በቤተ መንግሥት አይደለም፤ አዲስ አበባ ተራስ ሆቴል ውስጥ ነው። ጸሐፊው ሩሲያ ውስጥ በመድፈኛነት የሠለጠኑ ሰው ናቸው (የእኔ ቢጤ መሐንዲስ ለማለት ባልደፍርም ለጂኦሜትሪ ሩቅ አልነበሩም)። ከላ ፎንቴን ተረቶች ተነሥተው የጊዜውን አስተዳደር በእንስሳት አፍ አሳዩ። መኳንንቱ አዩት። ንግሥት ዘውዲቱ መጽሐፉ እንዲሰበሰብ፣ ቴአትርም እንዲቀር አዘዙ ተብሎ ይተረካል። ብዙ ሰው ይህን ሲያወራ «ሳንሱር» ብሎ ያልፈዋል። እኔ ግን ጥያቄ አለኝ። የእንስሳት ተረት ያን ያህል ምን አስቆጣ? መልሱ ከወንበሩ የመጣ ይመስለኛል። በማስክ ውስጥ ንጉሡ የት እንዳለ ሁሉ ያውቃል፤ ፀሐይ እሱ ነው። በተረት ውስጥ ግን ማን ምን እንደ ሆነ አልተነገረም። አንበሳው ማነው? ቀበሮው ማነው? እያንዳንዱ ተመልካች ራሱን ይፈልጋል፤ ያላገኘም ጎረቤቱን ይጠቁማል። ሆቴል ውስጥ ደግሞ አንድ ትክክለኛ ነጥብ የለም። ከየትም ሲያዩት ልክ ነው።

ዐፄ ኃይለ ሥላሴ በ1923 ዓ.ም. ሲነግሡ ቴአትር ተፈቀደ፤ በተማሪዎችና በእነ ዮፍታሔ ንጉሤ እጅ ከበዓልና ከመዝሙር ጋር ተመለሰ። ዮፍታሔ ራሱን የቻለ ጽሑፍ የሚገባው ሰው ስለ ሆነ እዚህ አልነካውም። ወደ ዋናው ነገሬ ልግባ።

ጣሊያኖች ሲኒማ ማርኮኒ ብለው የጀመሩት ሕንፃ በ1948 ዓ.ም. ለንጉሠ ነገሥቱ 25ኛ የዘውድ በዓል ተጠናቆ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ተባለ። ደጃፉ ላይ ፈረንሳዊው ሞሪስ ካልካ የሠራው የይሁዳ አንበሳ ቆመ። ለምርቃቱ የታየው ቴአትር የጠቅላይ ሚኒስትሩ የራስ ቢትወደድ መኰንን እንዳልካቸው «ዳዊትና ኦርዮን» ነው። ከአብዮቱ በኋላ ያደግን ሰዎች ስለዚህ ምሽት የምንለው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ መኳንንት ለመኳንንት የሠሩት የግብዣ ማጌጫ። የድሮውን ዘመን የሚናፍቁት ደግሞ በተቃራኒው ወርቃማ ምሽት ይሉታል። ሁለቱም ወገን ርዕሱን ያነበበው አይመስለኝም።

እስቲ ታሪኩን እናስታውሰው። ንጉሥ ዳዊት የወታደሩን የኦርዮንን ሚስት ወሰደ። ፀነሰች። ነገሩን ለመሸፈን ወታደሩን ከጦር ሜዳ አስጠራው፤ ኦርዮን ግን ጓዶቹ ሜዳ ላይ ሳሉ ቤቴ አልገባም ብሎ በንጉሡ ደጅ አደረ። በመጨረሻ ዳዊት የሞት ደብዳቤውን ጽፎ በራሱ በኦርዮን እጅ ወደ አዛዡ ላከው። ኦርዮን ሞተ። ዳዊትም ሴቲቱን አገባ፤ ከእርሷም ሰሎሞን ተወለደ።

ልብ በሉ፤ ሰሎሞን! በዚያው የዘውድ በዓል የወጣው የተሻሻለው ሕገ መንግሥት በ2ኛው አንቀጽ የንግሥናው ዘር ከሰሎሞንና ከንግሥተ ሳባ ልጅ ከቀዳማዊ ምኒልክ ሳይቋረጥ የወረደ መሆኑን፣ በ4ኛው ደግሞ የንጉሠ ነገሥቱ አካል ቅዱስ መሆኑን ይደነግጋል። በአንድ በዓል ሕጉ የዘሩን ቅድስና ሲያውጅ፣ መድረኩ ያ ዘር በምን ደም ላይ እንደ ተጀመረ ያሳያል። ያሳየውም ከንጉሡ ቀጥሎ ያለው ሰው ነው! እዚህ ላይ ስለ ግጥሙ ማማር ወይም አለማማር አይደለም የማወራው፤ ስለ ምርጫው ነው። ለበዓል የሚሆን ስንት ታሪክ ነበር። ጎልያድ ነበር፤ ታቦተ ጽዮን ነበረች፤ የሳባ ጉዞ ነበር። ኦርዮን ለምን?

አንዱ መልስ ድፍረት ነው የሚል ይሆናል። ነቢዩ ናታን ዳዊትን የከሰሰው በተረት አይደለምን? የድኻውን አንዲት በግ ታሪክ ነገረው፤ ንጉሡ ተቆጥቶ ሲፈርድ በራሱ ላይ መፍረዱን አሳየው። ናታን የዓለም የመጀመሪያው የቤተ መንግሥት ቴአትር አዘጋጅ ነው ብል ማጋነን አይሆንም። ሼክስፒርም ይህን ዘዴ ያውቀዋል፤ ሐምሌት ንጉሡን የሚያጠምደው በቤተ መንግሥት ጨዋታ ነው። ያንን ሐምሌት ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ መልሶታልና ወጥመዱን የማናውቀው አይደለም።

እኔ ግን በዚህ መልስ አልረካም፤ ምክንያቱን ከማስኩ ልዋስ። ጆንሰን ከ1609 ጀምሮ በማስኩ መጀመሪያ ላይ ጠንቋዮችንና ሁከተኞችን ማስገባት ያዘ፤ ፀረ-ማስክ ተባለ። ሁከቱ የሚገባው ሊያሸንፍ አይደለም፤ ሙዚቃው ሲመታ፣ ንግሥቲቱ ስትገለጥ እንደ ጉም ሊበተን ነው። ክፉው ሁሉ ለዘውዱ ብርሃን ማሳያ ይሆናል። የዳዊት ኃጢአትም በቤተ መንግሥት መድረክ ላይ እንዲህ ሊሠራ ይችላል። ዳዊት ንስሐ ይገባል፤ ከንስሐው 50ኛው መዝሙር ይወለዳል፤ እኛም ከልጅነታችን ጀምሮ ስንደግመው የኖርነው የገዳዩን ልቅሶ እንጂ የሟቹን ድምፅ አይደለም። ንስሐ የገባ ንጉሥ ኃጢአት ከሌለበት ንጉሥ ይልቅ ይወደዳል። ቤተ መንግሥት ናታንን የሚውጠው እንዲህ ነው፤ አፉን አይዘጋውም፤ ከፊት ረድፍ ያስቀምጠዋል።

ይህን ሁሉ ካልኩ በኋላም ርዕሱ አሁንም እረፍት ይነሣኛል። ዳዊት«ና» ኦርዮን። ዳዊትና ቤርሳቤህ አይደለም፤ ዳዊትና ናታንም አይደለም። ወታደሩ ከንጉሡ ጋር በአንድ መስመር፣ በአንድ «ና» ተያይዞ ቆሟል። ራስ ቢትወደድ መኰንን አስበውበትም ይሁን ሳያስቡበት ይህቺ «ና» ከጨዋታው ሁሉ የበለጠች ደፋር ናት። ከአምስት ዓመት በኋላ በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. በንጉሡ ደጅ የሚያድሩት ወታደሮች፣ ክብር ዘበኞች፣ ተነሡ።

ሳይዋጥ የቀረው የናታን ጨዋታ ደግሞ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ምሽት የታየው ነው። እንግሊዛዊው ጆናታን ዲምብልቢ በ1973 እ.ኤ.አ. ስለ ወሎ ረሃብ የሠራው ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ሥዕሎች ጋር ተቀጣጥሎ በቴሌቪዥን ተላለፈ። ንጉሠ ነገሥቱም እንዲያዩት ተነገራቸው ይባላል። አገሩ ሁሉ መድረክ ሆኖ፣ አንድ ወንበር ላይ አንድ ተመልካች። በማግሥቱ ወረዱ። የዚህ ጨዋታ አዘጋጆች ግን ናታኖች አልነበሩም። ናታን ከሰሰ እንጂ ዙፋኑን አልወሰደም። ኅዳር 14 ቀን ከተረሸኑት መካከል ከጥቂት ወራት በፊት ጠቅላይ ሚኒስትር የነበሩት ልጅ እንዳልካቸው መኰንን ይገኙበታል፤ የ«ዳዊትና ኦርዮን» ደራሲ ልጅ።

የእንግሊዙም መጨረሻ ከዚህ ብዙ አይለይም። የጄምስ ልጅ ቻርልስ በ1640 በመጨረሻው ማስክ ራሱ ጨፈረ። ከዚያ በፊት ሩቤንስ አባቱን ወደ ሰማይ ሲያርግ የሣለበት ጣራ በችቦ ጢስ እንዳይበላሽ ተብሎ ማስኩ ከኢኒጎ ጆንስ አዳራሽ ወጥቶ ነበር። ጥር 30 ቀን 1649 ቻርልስን በዚያ ሥዕል ሥር አሳልፈው፣ በአዳራሹ መስኮት ወደ ውጭ አወጡት። ውጭ የተሠራለት መድረክ ለአንገቱ ነበር። ያን ዕለት ለተሰበሰበው ሕዝብ ትክክለኛ ነጥብ አላስፈለገውም።

የጋርላንዶቹ ወጣቶች ከዚያ ምሽት በኋላ አንድ ደንብ አውጥተዋል፤ የተጀመረ ትዕይንት ለማንም አይደገምም። ነጩ ጨርቅ ግን አልተነሣም፤ ገንዘቡን የሚሰጡት እዚያ የሚቀመጡት ናቸውና፣ በዚህ ላይ ከእነሱ ጋር ተከራክሬ ተሸንፌአለሁ። አሁን ደግሞ «ዳዊትና ኦርዮን»ን አሳጥረን እንሥራ የሚል ሐሳብ አቅርቤላቸው ሚና መደልደል ጀምረናል። ለዳዊት አራት ሰው ተመዝግቧል፤ ለናታን ሁለት። ኦርዮንን የሚወስድ እስካሁን አልተገኘም።